«ባሕር የሌለው ከተማ የድሮ ገንዳ ምን ያደርግለታል?» ለሚለው ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን አንድ ጽሑፍ ከስልክ ስልክ ሲዞር ነበር። ርዕሱ ከላይ ያለው ጥያቄ ነው። ጸሐፊው ስለ መሃል አዲስ አበባ የፍል ውሃ ገንዳዎችና መታጠቢያዎች ነው የጻፉት፤ በተለይ ስለ ፍልውሃ መታጠቢያና ስለ ጊዮን ሆቴል ክፍት የዋና ገንዳ። ባጭሩ የሚሉት እንዲህ ነው፦ የእንግሊዝ የባሕር ዳር ከተሞች እንኳ የድሮ ገንዳዎቻቸውን ዘግተዋል። ገንዳ ማሞቅ ገንዘብ ይበላል። ገንዳ ደግሞ ቅርስ አይባልም። ሰው ውሃ በጀሪካን በሚቀዳበት ከተማ ገንዳ መሙላት ነውር ነው። አሮጌ ኮንክሪት አይጠገንም። ዋና የሀብታም ጨዋታ ነው። ስለዚህ ቦታው ላይ ፎቅ ይሠራ፣ ለታሪኩ አንድ ሐውልት ይበቃዋል።

ጽሑፉ ስድብ የለበትም። ጸሐፊው ለከተማዋ ተጨንቀው እንደጻፉ ያስታውቃል። ግን ግማሹ ነገር ልክ አይደለም፤ ልክ የሆነው ግማሽ ደግሞ ወደ ሌላ መደምደሚያ ነው የሚወስደው። ስለዚህ አንድ በአንድ ልሂድበት።

ከእንግሊዞቹ ልጀምር፤ ምክንያቱም የጽሑፉ ትልቁ ክርክር እሱ ነው። «ባሕር እያላቸው፣ ገንዘብ እያላቸው ዘጉት፤ እኛ ምን ቤት ነን?» ይላሉ።

እውነት ነው፣ ብዙ ዘግተዋል። እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ የእንግሊዝና የስኮትላንድ የባሕር ዳር ከተሞች በፉክክር ክፍት ገንዳ ይሠሩ ነበር። ከማዕበሉ ጥግ ላይ ትልቅ የኮንክሪት ገንዳ ያቆማሉ፣ የባሕር ውሃ ይሞሉታል፣ ዙሪያውን የሰው መቀመጫ ያደርጋሉ። በኋላ ርካሽ በረራ መጣና ሰዉ ለዕረፍት ወደ ስፔን መሄድ ጀመረ። ጣሪያ ያለው የሚሞቅ ገንዳም በየሰፈሩ ተሠራ። የከተማ አስተዳደሮቹ ገንዘብ ሲያጥራቸው መጀመሪያ የቆረጡት የእነዚህን ገንዳዎች በጀት ነበር። አንዳንዱ በአፈር ተደፈነ፣ አንዳንዱ የመኪና ማቆሚያ ሆነ።

ጸሐፊው ታሪኩን እዚህ ላይ ያቆሙታል። ታሪኩ ግን አላለቀም።

ፕሊመዝ የምትባል ከተማ ውስጥ ቲንሳይድ የሚባል ገንዳ አለ። ግማሽ ክብ ነው፣ ወደ ባሕሩ ገባ ብሎ ነው የተሠራው። በ1935 ተከፈተ፣ በ1992 ተዘጋ። ለዓመታት ባዶውን ቆመ። የከተማው ሰው ግን አልተወውም፤ በ1998 በሕግ የሚጠበቅ ሕንፃ ሆኖ ተመዘገበ፣ ከ3 ሚሊዮን ፓውንድ በላይ ወጥቶበት በ2005 እንደገና ውሃ ተሞላ። (እዚህ ሁሉ ዓመቱ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው።) ብራይተን አጠገብ ያለው የሶልትዲን ገንዳ ደግሞ በ1938 የተከፈተ ነው። እሱ ላይ መኖሪያ ፎቅ የመሥራት ሐሳብ መጥቶ ነበር፤ ልክ ጸሐፊያችን ለእኛ እንዳሰቡልን። የሰፈሩ ነዋሪዎች ተደራጁ፣ ተሟገቱ፣ ቦታውን ራሳቸው በሊዝ ያዙ፣ በ2017 ገንዳው ተከፈተ። ስኮትላንድ ያለው የስቶንሄቨን ገንዳ በ1934 የተከፈተ ነው። እዚያም ሊዘጋ ሲል ነዋሪው ማኅበር አቋቁሞ ደገፈው፤ ዛሬም በየበጋው ወደ 29 ዲግሪ በሞቀ የባሕር ውሃ ይዋኙበታል።

ታዲያ «እነሱ እንኳ ዘጉት» ከማለት ይልቅ «ዘግተው ስለቆጫቸው በብዙ ገንዘብ መልሰው ከፈቱት» ቢባል ነው ለእውነቱ የሚቀርበው። እኛ ደግሞ ከእነሱ የምንማረው ካለ፣ ሁለቱን ወጪ ሳንከፍል መማር እንችላለን፤ የመዝጊያውንም የመክፈቻውንም።

የማሞቂያውን ነገር ከዚሁ ጋር አያይዤ ልመልስ፤ ምክንያቱም አንድ ገንዳ አለ፣ ጸሐፊው ስሙን ያላነሱት፣ ለእኛ ከሁሉም በላይ የሚቀርበን። ፔንዛንስ ይባላል ከተማው፣ እንግሊዝ ምዕራብ ጫፍ ላይ ያለ ትንሽ ከተማ። ገንዳው ሦስት ማዕዘን ነው፣ በ1935 ንጉሥ ጆርጅ አምስተኛ በነገሡ በ25ኛ ዓመታቸው የተከፈተ፣ ስሙም ኢዮቤልዩ ገንዳ። (በነገራችን ላይ ከጊዮን ጎን ያለው ብሔራዊ ቤተ መንግሥትም ለቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ 25ኛ ዓመት በ1948 ዓ.ም. የተሠራው የኢዮቤልዩ ቤተ መንግሥት ነው።) እ.ኤ.አ. በየካቲት 2014 ማዕበል መጥቶ ገንዳውን ክፉኛ ጎዳው። ጠገኑት፣ በ2016 ከፈቱት። ከዚያ ነዋሪው የጋራ ማኅበር አቋቁሞ፣ አክሲዮን ገዝቶ ገንዳውን ራሱ ማስተዳደር ጀመረ። እንግሊዝ ቀዝቃዛ ስለሆነ በብርዱ ወራት የሚመጣ ሰው የለም። ስለዚህ ምን አደረጉ? መሬት ቆፈሩ። 410 ሜትር ወርደው ሞቅ ያለ ውሃ አገኙ፣ ሙቀቱን በማሽን እየጨመሩ ከገንዳው አንዱን ክፍል ከ30 እስከ 35 ዲግሪ አደረሱት፣ በ2020 ለሕዝብ ተከፈተ። አገር ምድሩ አወራለት።

እንግዲህ ይህንን ከእኛ ጋር አስተያዩት። የእኛ ውሃ ከምድር የሚወጣው ከ70 ዲግሪ በላይ ሆኖ ነው። ዝናብ መሬት ውስጥ ጠልቆ ይወርዳል፣ እዚያ ይሞቃል፣ በከተማዋ መሃል በሚያልፈው የምድር ስንጥቅ በኩል ተመልሶ ወደ ላይ ይመጣል። የጂኦሎጂ ሰዎች ስንጥቁን በሰፈሩ ስም የፍልውሃ ስንጥቅ ይሉታል። ስለዚህ የእኛ ገንዳ ችግሩ ማሞቅ አይደለም። ማቀዝቀዝ ነው። ጸሐፊው «ገንዳ ማሞቅ የሚችል በጀት የለንም» ብለው አንድ ሙሉ አንቀጽ ጽፈዋል፤ ያ አንቀጽ ለአዲስ አበባ አይሠራም። እዚህ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ፣ ሐምሌ ላይ ሹራብ ደርበን በምንንቀጠቀጥበት ከተማ፣ ክፍት ሜዳ ላይ ሙቅ ውሃ ውስጥ መግባት የቻልነው ማንም ነዳጅ ስላቃጠለ አይደለም። ሂልተንም እ.ኤ.አ. በ1969 ሲከፈት ገንዳውን በላሊበላው ቤተ ጊዮርጊስ የመስቀል ቅርጽ አሠርቶ ከዚሁ ፍል ውሃ ነው የተጠቀመው። ነጋዴ እንኳ የውሃውን ዋጋ አውቆታል።

«ገንዳ ቅርስ አይደለም፤ ቅርስ ማለት አክሱም ነው፣ ላሊበላ ነው።»

ይህ ነው ከሁሉም ያሳዘነኝ። ጎንደር ሄደው ያውቁ እንደሆነ እንጃ እንጂ፣ የፋሲል መዋኛ ገንዳ ነው። ዓመቱን ሙሉ ባዶ ይቆያል፣ ለጥምቀት ከቀሃ ወንዝ ውሃ ይገባበታል፣ ታቦቱ ያድርበታል፣ በማግስቱ ጎረምሳው እየዘለለ ይገባበታል። እ.ኤ.አ. በ1979 ከፋሲል ግንብ ጋር በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል። ገንዳውን ያቆየው አጥር አይደለም፤ በየዓመቱ ውሃ የሚገባበት መሆኑ ነው። ሰው ስለሚፈልገው ይጠገናል።

የአገራችን ሕግም ከጸሐፊው ጋር አይስማማም። አዋጅ ቁጥር 209/1992 ቅርስን የሚዳሰስም የማይዳሰስም ብሎ ነው የሚያየው፤ የሚመዝነውም በሳይንስ፣ በታሪክ፣ በባህልና በኪነ ጥበብ ባለው ዋጋ ነው። ሐውልት ወይም ቤተ ክርስቲያን መሆን አለበት የሚል ነገር የለውም።

ታሪኩን ከተባለ ደግሞ፣ ከፍልውሃ በላይ የአዲስ አበባ ታሪክ የት ሊገኝ ነው? ቤተ መንግሥቱ እንጦጦ በነበረ ጊዜ ብርዱ ከባድ ነበር፣ ማገዶውም እየራቀ ሄዶ ነበር። እቴጌ ጣይቱ ለመታጠብ ወደ ፍል ውሃው ይወርዱ ነበር። ቦታው ደስ አላቸው። ከምንጩ ብዙም ሳይርቅ ቤት አሠሩ፣ መኳንንቱም ተከትለው ወደ ታች ሰፈሩ። ከተማዋ በ1879 ዓ.ም. ተቆረቆረች የምንለው ይህንን ነው። እዚህ ከተማ ውስጥ ያለ መንገድ ሁሉ፣ መርካቶም ፒያሳም ካዛንቺስም፣ መነሻው አንድ ሰው ሙቅ ውሃ ውስጥ መቀመጥ ፈልጎ ከተራራ መውረዱ ነው።

ከዚያ በፊትም ምንጩ ባለቤት አልባ አልነበረም። ሰፈሩ ፊንፊኔ ነው፤ የኦሮሞ ሕዝብ ያውቀዋል፣ ከብቱን ያጠጣበታል፣ ያመሰግንበታል። በ2012 ዓ.ም. ኢሬቻ ከብዙ ዘመን በኋላ ወደ ሆራ ፊንፊኔ ሲመለስ፣ ያን ሁሉ ሕዝብ መስቀል አደባባይና አካባቢውን ሞልቶ ያየ ሰው፣ ይህ ውሃ ለስንት ሰው ስንት ነገር እንደሆነ ይገባዋል። ጸሐፊው ስለዚህ አንድ መስመር እንኳ አልጻፉም። የውሃውን ታሪክ ለመዝጋት የሚከራከር ሰው ቢያንስ የማን ታሪክ እንደሚዘጋ መናገር አለበት።

ወደ ጀሪካኑ ልምጣ። ይህ ክርክር ልብ ይነካል፣ እኔም ቢጫ ጀሪካን ይዞ መሰለፍ ምን እንደሆነ አውቃለሁ። ግን የምንጠጣው ውሃ የሚመጣው ከገፈርሳ፣ ከለገዳዲ፣ ከድሬ ግድቦችና ከአቃቂ ጉድጓዶች ነው። የፍልውሃው ውሃ ፍሎራይዱ ከፍ ያለ ነው፤ ለዘወትር መጠጥ አይሆንም። ገንዳው ቢደፈን ኮተቤ ላለ ሰው አንድ ጀሪካን አይጨመርለትም። ደግሞም ገንዳ በየቀኑ ተደፍቶ የሚሞላ ነገር አይደለም። 50 በ25 ሜትር የሆነና 2 ሜትር የሚጠልቅ ገንዳ 2.5 ሚሊዮን ሊትር ይይዛል፤ ማጣሪያው በደንብ ከሠራ ያው ውሃ እየተጣራ ይዞራል፣ የሚጨመረው የተነነውና የፈሰሰው ብቻ ነው።

እዚህ ላይ ግን ጸሐፊው ያነሱት አንድ እውነት አለ። «ውሃው እየቀነሰ ነው» ይላሉ። ድሮ በራሱ ይፈልቅ የነበረው ዛሬ ከጉድጓድ በፓምፕ ነው የሚሳበው። አንዱ የከርሰ ምድር ውሃ ላይ በርከት ያሉ ጉድጓዶች ናቸው የተቀመጡት። ይህ ያሳስባል፣ እኔንም ያሳስበኛል። ግን ከዚህ ተነስቶ «ስለዚህ ገንዳውን እናፍርስ» ማለት እንዴት ይመጣል? ከአንድ ማሰሮ ብዙ ሰው ሲጨልፍ ማድረግ ያለብን ማን ስንት እንደሚጨልፍ ማወቅ ነው። እያንዳንዱ ጉድጓድ ቆጣሪ ይኑረው፣ የውሃው ደረጃ በየጊዜው ይለካ፣ ልኬቱ ይታተም። ፎቁ ቢሠራ ደግሞ ለውሃው የከፋ ነው፤ ምድር ቤቱ ሦስትና አራት ወለል ወደ ታች ይቆፈራል፣ ገንዳው በነበረበት ቦታ ላይም ለውሃው የሚከራከር ሰው አይኖርም። ሰው የሚታጠብበትን ውሃ ሲቀንስ ያያል፣ ይጮሃል። ከሥሩ ያለውን የማያየውን ውሃ ማን ይከታተላል?

«አሮጌ ኮንክሪት አይጠገንም» ለሚለው ረጅም መልስ አያስፈልገውም፤ ከላይ የጠራኋቸው የእንግሊዝና የስኮትላንድ ገንዳዎች ሁሉ በ1930ዎቹ የተሠሩ፣ ያውም አንዳንዶቹ ጨው ውሃና ማዕበል ሲመታቸው የኖሩ ናቸው። የእኛን የሚመታው ማዕበል የለም። እንዲያውም ገንዳ ያፈሳል ወይስ አያፈስም የሚለውን ለማወቅ መጀመሪያ ላይ መሐንዲስ እንኳ አያስፈልግም። አንድ ባልዲ በገንዳው ውሃ ትሞላና የገንዳው መውረጃ ደረጃ ላይ ታስቀምጠዋለህ፤ ባልዲው ውስጥ ያለውንም የገንዳውንም ውሃ ልክ ምልክት ታደርጋለህ፤ በማግስቱ ታያለህ። ሁለቱ እኩል ከቀነሱ ፀሐይና ነፋስ ነው የወሰደው። ገንዳው ከባልዲው በላይ ከቀነሰ ስንጥቅ ወይም ቧንቧ አለ፣ ያኔ ባለሙያ ይጠራል። የእኛ ውሃ የሚያስቸግረው ሌላ ነገር ነው፦ ማዕድን ስላለው ቧንቧ ውስጥ ነጭ ቅርፊት ይጋግራል፣ ቧንቧው እየጠበበ ይሄዳል። እሱ የሚጸዳና የሚቀየር ነገር ነው። ገንዳ ለማፍረስ ምክንያት አይሆንም።

«ዋና የሀብታም ጨዋታ ነው።»

ጸሐፊው እባክዎ አንድ የበዓል ዋዜማ ፍልውሃ ይሂዱ። ፎጣና ሳሙና በፌስታል የያዘች እናት፣ ልጇ ቀሚሷን ይዞ እየጎተታት። ጉልበታቸውን የሚያማቸው አባት አግዳሚው ላይ ቁጭ ብለው፣ ከዘራቸውን በሁለት እግራቸው መሃል አድርገው ተራ ይጠብቃሉ። ቤታቸው ሻወር የሌላቸው የቀን ሠራተኞች አሉ፣ ሠርጓ የቀረበ ልጅም አለች ከጓደኞቿ ጋር። ክፍሉ ውስጥ ስትገባ መጀመሪያ የምትከፍተው ቀዝቃዛውን ነው፤ ሙቁን ብቻ ከለቀቅከው እግርህን አታስገባም። ቧንቧው አፍ ላይ ያ ነጭ ቅርፊት አለ፣ እንፋሎቱ መስታወቱን ይሸፍነዋል፣ ከጎረቤት ክፍል ሰው ሲዘፍን ይሰማል። ውሃው በሽታ ያድናል ብዬ አልከራከርም። ለሚያም መገጣጠሚያ ሙቅ ውሃ እፎይታ መሆኑን ግን እነዚያ አባት ሲወጡ ፊታቸውን አይቶ ማንም ይረዳዋል። እነዚህ ሰዎች ሀብታም አይደሉም። ሀብታሙ ቤቱ ውስጥ ገንዳ አለው።

የጊዮንም ገንዳ ቢሆን፣ የስንት የአዲስ አበባ ልጅ የመጀመሪያ ጥልቅ ውሃ እሱ ነበር። ቅዳሜ ቅዳሜ ሙሽሮች በአትክልቱ ውስጥ ፎቶ ሲነሱ፣ ወዲያ ደግሞ ልጆች መዝለያው ላይ ቆመው «ዝለል! ዝለል!» ሲባባሉ ያደገ ትውልድ አለ። ጊዮን ውስጥ ያ ገንዳና ያ አትክልት አብረው ናቸው፤ አንዱን አንስተህ ሌላውን ማስቀረት አትችልም።

ዋናን እንደ ቅንጦት ማየት ደግሞ ሰው ያስከፍላል። በየክረምቱ ድንጋይ ወጥቶባቸው ክፍት በቀሩ ጉድጓዶችና በወንዝ ውስጥ ልጆች እንደሚሰጥሙ እንሰማለን። የዓለም ጤና ድርጅት በ2021 እ.ኤ.አ. በዓለም ዙሪያ ወደ 300,000 ሰው ሰጥሞ እንደሞተ አስታውቋል፣ ከሚመክራቸው መፍትሔዎች አንዱ ለተማሪ ልጆች መሠረታዊ ዋና ማስተማር ነው። ይህ ሁሉ ልጅ የት ይማር? ባሕር የለንም። ጸሐፊው «ባሕር የሌለው ከተማ ገንዳ ምን ያደርግለታል?» ብለው ጠየቁ፤ መልሱ ይኸው ነው። ባሕር ያለው ልጅ ገንዳ ቢዘጋበት ባሕሩ ዳር ይሄዳል። የእኛ ልጅ የሚሄደው ጉድጓዱ ጋ ነው።

የቀረው የቦታው ዋጋ ነው። ቦታው ውድ ነው፣ አልክድም። ግን ምን አስወደደው? ከመስቀል አደባባይ ትንሽ ራመድ ሲሉ ዛፍና ውሃ መኖሩ ነው። እሱን ካነሱት የሚቀረው እንደ ሌላው ሁሉ የሆነ ቁራጭ መሬት ነው፣ ፎቁም እንደ ሌላው ፎቅ ነው። ፒያሳ ላይ በ2016 ዓ.ም. ስንት አሮጌ ቤት እንደፈረሰ አይተናል፤ አንዴ የፈረሰ ነገር በፎቶ ብቻ ነው የሚቀረው፣ ልጅህን ይዘህ የምትገባበት ነገር አይሆንም።

ሐውልት ይቁም ለሚሉትም፣ እኔ ሐውልት አልጠላም። ግን ሐውልት የሚቆመው ለሌለ ነገር ነው፣ ይህ ውሃ ደግሞ አለ፣ ዛሬም እየወጣ ነው። ለሐውልት ይውላል የተባለው ገንዘብ ለቆጣሪና ለውሃ ደረጃ መለኪያ ይዋል። ገንዳዎቹና መታጠቢያዎቹ ተለክተው፣ ተስለው፣ ፎቶ ተነስተው በቅርስ ባለሥልጣን ይመዝገቡ። ጠዋት ጠዋት ገንዳው ባዶ በሚሆንበት ሰዓት የአካባቢው ትምህርት ቤቶች በተራ ልጆቻቸውን ያምጡ። ልኬቱ እጃችን ከገባ በኋላ የቱ ጋ ፎቅ ቢቆም ውሃውን እንደማይነካ፣ የቱ ጋ ደግሞ አንድ አካፋ እንኳ መግባት እንደሌለበት ከጸሐፊው ጋር ካርታ ዘርግተን መነጋገር እንችላለን፤ እኔ ዝግጁ ነኝ።